ጭሱ የሚተኛበት ሰፈር

ሰንሻይን ዌስት፣ ሜልበርን
ግንቦት 3 ቀን 1988 ዓ.ም.

ለምወድሽ እህቴ ለአምለሰት፣

እታለም፣ የጌታ ሰላም ከነቤትሽ ይብዛልሽ። ጤናሽን መጠየቅ ነበረብኝ። ግን ከዚያ ቀን ወዲህ ሰውን ደህና ነህ ወይ ብሎ መጠየቅ እፈራለሁ፤ የምፈራው መልሱን ነው። ስለዚህ ደህና ነሽ ብዬ ራሴ መልሼዋለሁ። ደህና ሁኚልኝ።

በዘገየሁት ይቅር በይኝ። ደብዳቤዎችሽ ደርሰውኝ አንዱንም ሳልመልስ ከረምኩ። አንቺ እንደምታውቂው ትምህርቴ ስድስተኛ ክፍል ላይ ስለቆመ፣ መጻፍ ለእኔ ምስር እንደመልቀም ነው፤ ጠጠሩን እያወጣሁ፣ ቀስ እያልኩ። አዛርያስን ከቀበርን ወዲህ ደግሞ ስሙ የሚመጣበት ቦታ ስደርስ እስክሪብቶውን አስቀምጬ እነሳለሁ። የልጄን ስም መጻፍ አቅቶኝ ነው ዝም ያልኩሽ። ዛሬ ጻፍኩት። አየሽ፣ ጻፍኩት።

ኢሳያስ ወደ ሥራው ተመለሰ ወይ ላልሽው፣ ተመልሷል። ምን ያድርግ። የሚሠራበት ፋብሪካ ከጓሯችን አጥር ባሻገር ነው፤ ብረት ያቀልጣሉ። ይህን ቤት ስንከራይ ለሥራህ ቅርብ ነው፣ በእግርህ ትሄዳለህ ብዬ ደስ ያለኝ እኔ ነበርኩ።

ሰፈሩን ንገሪኝ ብለሻል። ከፊት ለፊት ቤት ነው፣ ከኋላ ጭስ ማውጫ ነው፣ ከመንገዱ ጫፍ ደግሞ ወደ ወደብ የሚሄዱ የጭነት መኪናዎች ቀንና ሌሊት አያቋርጡም። ነፋስ ሲኖር ሽታው ይመጣል፣ ይሄዳል፤ ምንም አይባልም። እዚህም ክረምት የሚገባው እንደ እናንተ በሰኔ ነው፤ ያኔ ነፋስ የሌለበት ብርዳም ማለዳ አለ። በዚያ ማለዳ ጭሱ ወደ ላይ አይወጣም። ይተኛል። ጣሪያው ላይ፣ መንገዱ ላይ፣ የትምህርት ቤቱ ሜዳ ላይ ተኝቶ ይውላል። አንድ የማልታ ሽማግሌ ጎረቤት አለን፤ የእሱም እንግሊዝኛ እንደኔ ነው። በየማለዳው የመኪናውን ጣሪያ በጣቱ ይጠርግና ጣቱን ያሳየኛል። ጥቁር። የእኔና የእሱ የማለዳ ሰላምታ ይሄ ሆኗል።

አዛርያስ የሄደው አምና በሐምሌ፣ እንዲህ ባለ ማለዳ ነው። አሁን ክረምቱ ዳር ዳር ሲል ሂዊ ማሳል ጀመረች። ዶክተሩ "አስም ነው፣ ግን ቀላል ነው" አለኝ። የወንድሟንም ቀላል ነው ብለውኝ ነበር።

እታለም፣ የምለምንሽ ነገር አለ። ሂዊን ወደ አንቺና ወደ እማዬ ልላካት። ክረምቱ እስኪያልፍ ትቀመጥ፤ ካስፈለገም እዚያው ትማር። ዘጠኝ ዓመቷ ነው፣ አታስቸግርም። እኔ የማውቀው አቃቂ ወንዙ ዳር ሣር ላይ ተኝተን የምንውልበት ነው። እዚያ ትተንፍስልኝ።

እማዬን ጠይቂና ቃሏን እንደወትሮው ከደብዳቤሽ ግርጌ ጻፊልኝ። በመጋቢት "ማንተግቦሽን በያት፣ የሐምሌ ብርድ የሚገድል አገር ምን አገር ይባላል፣ ወይ እሷ ትምጣ ወይ አገሩን ታሙቀው" ያለችውን ለኢሳያስ ሳነብለት፣ ልጃችንን ካጣን ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቀ። ፖስታው ውስጥ የከተተችውን ጤና አዳምም አገኘሁት፤ ደርቆም ይሸታል። የዚህ አገር ጉምሩክ ቅጠል አያሳልፍም ይላሉ። የእማዬን ግን ፈርተውት መሰለኝ።

እህትሽ ማንተግቦሽ


አቃቂ፣ አዲስ አበባ
ግንቦት 29 ቀን 1988 ዓ.ም.

ማንቴ፣ እህቴ፣

ደብዳቤሽ ደረሰኝ። የአዛርያስን ስም በእጅሽ ጽፈሽ ሳየው፣ ለቅሶ ቤት እንደተቀመጥኩ ሁሉ ነጠላዬን አጣፍቼ ነው የጨረስኩት። ዘገየሁ ብለሽ ይቅርታ አትጠይቂኝ። እኔም ዘግይቻለሁ፤ የጻፍኩትን እየቀደድኩ ነው።

በስልክ ለምን አጣኋት ብለሽ ይሆናል፤ የባለሱቁ ስልክ ከተቆረጠ ከርሟል። ከተማ ወርጄ ቴሌ መደወል እችል ነበር፤ አልሆነልኝም።

ስለ ሂዊ ጠየቅሽኝ። ቤቴ ቤቷ ነው፤ ይህን እንድጽፍልሽ አያስፈልግም። ግን ማንቴ፣ አንቺ የምታውቂው አቃቂ የለም። ወንዙ እንደየቀኑ ቀለሙን ይለውጣል፤ የጨርቅ ፋብሪካው ቀይ ሲነክር ቀይ ነው፣ ሰማያዊ ሲነክር ሰማያዊ። ቤታችን ደጃፍ ላይ የሚያልፈው የደብረ ዘይት መንገድ ነው፤ ተሳቢ ያለው መኪና ዳገቱን ሲያያዘው የሚተፋውን ጥቁር ጭስ በሩን ዘግተሽም አታስቀሪውም። ነጭ ልብስ ካጠብሁ ዓመት አለፈኝ። ከትምህርት ቤት የሚመለሱት ልጆች ሲናፈጡ መሐረባቸው ከሰል የነካው ይመስላል። አየር ትለውጥ ብለሽ የምትልኪያት ወደዚህ ነው?

እዚያ ቢያንስ ሐኪም አለ። አምቡላንስ ሲጠሩት ይመጣል። እዚህ ሌሊት ቢያፍናት ማንን እጠራለሁ?

ስለዚህ አትላኪያት። አልፈልጋትም ብዬ እንዳልሆነ አንቺ ታውቂያለሽ።

የእማዬን ቃል በዚህኛው አልጻፍኩም። በሌላ ጊዜ።

አምለሰት


ሰንሻይን ዌስት
ሰኔ 18 ቀን 1988 ዓ.ም.

እታለም፣

ፖስታውን ከፍቼ አራገፍኩት። ምንም አልወደቀም። ጤና አዳሙን ይሄኔ ጉምሩኮቹ ወስደውታል። የእማዬን ቃል ግን ጉምሩክ አይወስደውም፤ አንቺ ነሽ ያልጻፍሽው። ልጄን አትላኪ የሚለው ያንቺ ብቻ ሐሳብ ነው ማለት ነው። እማዬ ብትሰማ "አምጧት" ነበር የምትለው። አልነገርሻትም። ተቆጥቼብሻለሁ፤ ተቆጥቼም እወድሻለሁ።

አምቡላንስ ይመጣል አልሽኝ። አዎ፣ ይመጣል። አዛርያስ እንዴት እንደሆነ ደጋግመሽ ጠይቀሽኝ አልመለስኩልሽም። አሁን ልመልስ። ትምህርት ቤት ሜዳ ላይ ከጓደኞቹ ጋር ይሮጥ ነበር። ጭሱ ተኝቶ የነበረበት ማለዳ ነው። ፓፈር የሚሉት መድኃኒት አለ፤ ወደ አፍ የሚነፋ፤ በቦርሳው ነበር፣ ቦርሳው ክፍል ነበር። አምቡላንሱ መጣ፣ በደንብ መጣ፣ እየጮኸ መጣ። ከቤቴ ሆኜ ሰምቼዋለሁ። የማን ልጅ ይሆን ብዬ "ጌታ ሆይ እርዳው" አልኩ፤ ወደ ልብስ ማጠቤም ተመለስኩ። ከዚህ በላይ አልጽፍም።

በዚህ ሳምንት የሰፈሩን ሰው ስለ ጭሱ ለመስማት ብለው ትምህርት ቤቱ አዳራሽ ሰበሰቡን። እትዬ ብርኽቲ አብራኝ መጣች፤ ከአሥመራ የመጣች፣ ከጎናችን ያለው መንገድ ላይ የምትኖር፣ በሐዘኔ ጊዜ ቤቴን የያዘችልኝ ሴት ናት። ከረባት ያሰረ ሰውዬ ግድግዳው ላይ መስመር እያሳየ ብዙ ተናገረ። ሂዊ መሐላችን ተቀምጣ ታስተረጉምልናለች።

"ምን አለ?" አለች ብርኽቲ።

"አየሩ በአማካይ ደህና ነው አለ።"

"በአማካይ ማለት?"

ሂዊ አሰበችና፣ "አንዳንድ ቀን መጥፎ ነው፣ አንዳንድ ቀን ጥሩ ነው፤ ሲደመር ኦኬ ነው" አለች።

"እንግዲያው እኔም በአማካይ ቆንጆ ነኝ በያቸው" አለች ብርኽቲ፤ ከኋላ ያሉት አበሾች ሳቁ። እኔ አልሳቅኩም። ልጄ በአማካይ አይደለም የሞተው እታለም። በአንድ ማለዳ ነው። ኢሳያስ በሩ አጠገብ ቆሞ አንገቱን ደፋ፤ አለቃው ፊት ለፊት ተቀምጦ ነበር። አልፈረድኩበትም።

ሂዊ ብሶባታል። ኢሳያስ ጎህ ሲቀድ ለሺፍቱ ሲወጣ እኔ ተነስቼ አልጋዋ አጠገብ እንበረከክና ጆሮዬን ደረቷ ላይ አደርጋለሁ። መጀመሪያ ይሰማኛል፤ ፉጨት አለው። ከዚያ አንዳንዴ ይቆማል። ዝም። ልጮህ አፌን ስከፍት ትንፋሿ ይመለሳል። በየማለዳው እንዲህ ነው። ለማንም አልተናገርኩም፤ ለኢሳያስም። ብርኽቲ ብቻ ዓይኔን አይታ "አንቺ እኮ ልጅ ሳይሆን ሬዲዮ ነው የምታዳምጪው፤ ተኚ እንጂ" ትለኛለች። እንዴት ልተኛ? አንዱን አምቡላንስ የሌላ ሰው ነው ብዬ አሳልፌዋለሁ።

ስለዚህ ጨርሻለሁ። ከቤተ ክርስቲያናችን አንዲት እህት በነሐሴ መጨረሻ አገር ቤት ትገባለች፤ የሂዊን ቲኬት ከእሷ ጋር ቡክ አድርጌያለሁ። እማዬ አትቀበላትም የምትይ ከሆነ ራሷ ትበለኝ። የእሷን ቃል ካላየሁ አልሰርዝም።

ማንተግቦሽ


አቃቂ
ሐምሌ 6 ቀን 1988 ዓ.ም.

ማንቴ፣

ስለ አምቡላንሱ የጻፍሽውን አነበብኩ። ወረቀቱን ደረቴ ላይ አድርጌ ተቀመጥኩ።

ተቆጪኝ። ግን በዚያ ቲኬት አታሳፍሪያት። በጌታ ስም እለምንሻለሁ፣ ነሐሴን ታገሺኝ።

ሁለት ነገር ላኪልኝ። ኢሳያስ ሥራ የማይገባው በየትኛው ቀን ነው? የቤተ ክርስቲያናችሁ ሽማግሌ ጋሽ ገብረጻድቃን ስልካቸው ስንት ነው? ስለ ልጅቷ ጉዞ እሳቸውን ላማክራቸው እፈልጋለሁ። ቶሎ መልሺልኝ።

የአዛርያስ ዓመት፣ ሐምሌ ዐሥራ አንድ፣ ደርሷል፤ አልረሳሁትም። እዚህም ጸሎት እናደርግለታለን።

አምለሰት


ሰንሻይን ዌስት
ሐምሌ 20 ቀን 1988 ዓ.ም.

እታለም፣

ኢሳያስ የሚያርፈው ማክሰኞና ረቡዕ ነው። የጋሽ ገብረጻድቃንን ስልክ በሌላ ቁራጭ ወረቀት ጽፌ አያይዤዋለሁ። ለምን እንዳስፈለገሽ አልገባኝም። እሳቸው ስለ አውሮፕላን ጉዞ ምን ያውቃሉ? በመርከብ ነው የመጡት እየተባሉ ይቀለድባቸዋል። በእሳቸው በኩል አስመክረሽ ልታስቀሪኝ ከሆነም አልቀርም፤ ቲኬቱ እንዳለ ነው።

ፖስታውን ደግሞ አራገፍኩት። ባዶ ነው። እማዬ ተቀይማኛለች? ሰው ቢቀየም እንኳ አንድ ቃል ይሳደባል።

የአዛርያስ ዓመት አለፈ። መቃብሩ ላይ ዘመርን። ጋሽ ገብረጻድቃን ጸለዩ፤ ጸሎታቸው ረጅም ነው፣ እግራችን ደነዘዘ። ያን ቀን ደግነቱ ነፋስ ነበር።

በማግሥቱ ነፋሱ ቆመ፤ ሂዊን ሆስፒታል አሳደሩብኝ። አፏ ላይ ጭንብል አድርገው በጭንብሉ ውስጥ የሚተነፈስ መድኃኒት ሰጧት። ነርሷ "ደህና ትሆናለች" ስትለኝ ፊቷን ሳይሆን ጫማዋን አየሁ፤ ሮጣ እንደምትመለስና እንደማትመለስ ለማወቅ። አልሮጠችም። በማግሥቱ ወደ ቤት ላኩን።

ሂዊ መሄዱን አትፈልግም። እውነቱን ልንገርሽ። "ማም፣ እማማ ጋ ምን ብዬ አወራለሁ? አማርኛዬ ያስቃል" ትለኛለች።

"እማማም መሳቅ ትወዳለች" እላታለሁ።

"ኖ ዌይ። አንቺስ? አንቺ ትመጫለሽ?"

መድኃኒትሽን ውሰጂ ብዬ ወሬ እለውጣለሁ።

አሁን ደግሞ ሌላ ነገር መጣ። በነሐሴ አጋማሽ ክፍሏ በሙሉ ለሁለት ሌሊት ባሕር ዳርቻ ካምፕ ይሄዳል። ካዛርያስ ወዲህ አንድ ሌሊት ከዓይኔ ርቃ አታውቅም። አይሆንም አልኩ። ኢሳያስ "አገር ልትልኪያት ነው፣ ባሕር ዳርቻን ትከለክያታለሽ?" አለኝ። ነገሩ እውነት ስለሆነ ተናደድኩ። የባሕር አየር ንጹሕ ነው ይላሉ። መምህሯ ፓፈሯን በአንገቷ አንጠልጥዬ ነው የምይዛት ብላ ማለች። ፈርሜያለሁ።

ስትመለስ ልብሷን ለአዲስ አበባ አዘጋጃለሁ። እማዬን ሳሚልኝ። ከተቀየመችም ሳሚልኝ።

ማንተግቦሽ


ሰንሻይን ዌስት
ነሐሴ 21 ቀን 1988 ዓ.ም.

እህቴ፣ እታለሜ፣

ላንቺ መጽናናቱን ይስጥሽ። ለኔም አንቺ እንዲሁ እንደምትይ አውቃለሁ። ከሚያዝያ ጀምሮ ብቻሽን ተሸክመሽው ከርመሻል። መርዶ በደብዳቤ አይነገርም፤ ሰው ሐዘን ላይ እያለም ሌላ ሐዘን አይደረብበትም። ያደረግሽው ወጉ ነው። እኔም ባንቺ ቦታ ብሆን እንዲሁ ነበር የማደርገው። ግን እንዴት እንደተነገረኝ ልጻፍልሽ፤ ከሌላ ሰው ከምትሰሚው ከእኔ ስሚው።

ሂዊ ሰኞ ካምፕ ሄደች። ረቡዕ ከሰዓት በኋላ ነው የምትመለሰው። ረቡዕ ማለዳ፣ ገና ሳይነጋ፣ ወጥ ቤት ስገባ ኢሳያስ ለብሶ፣ ጢሙን ተላጭቶ ተቀምጧል። የዕረፍት ቀኑ ነው። "የት ልትሄድ ነው?" አልኩት። "የትም" አለኝ። ዓይኔን አላየኝም።

መስኮቱን አየሁ። ነፋስ የለም። ጭሱ ተኝቷል። ከጭሱ ውስጥ ሰዎች ወጡ። ጋሽ ገብረጻድቃን ከፊት፣ ብርኽቲ ነጠላዋን አጣፍታ፣ ከኋላቸው የቤተ ክርስቲያን ሰዎች፤ ማንም አይናገርም። መኪናቸውን እንኳ ራቅ አድርገው አቁመው በእግራቸው ነው የመጡት፤ ድምፅ እንዳልሰማ።

እታለም፣ ሰው በማለዳ ተሰብስቦ ነጠላ አጣፍቶ ለምን እንደሚመጣ እኔም አንቺም ከልጅነታችን እናውቃለን። ልጄ ቤት የለችም። ኢሳያስ ጢሙን ተላጭቷል። ከዚህ ሌላ ምን ልገምት?

በሩ ላይ የብርኽቲን ነጠላ ያዝኩ። "ሂዊ ናት?" አልኳት። ድምፄ አልወጣም መሰለኝ፣ አልሰማችኝም። ጋሽ ገብረጻድቃን "ልጄ፣ ተቀመጪ፣ መጀመሪያ እንጸልይ" አሉ። ጸሎታቸውን ነግሬሻለሁ። ስለ አገሩ ጸለዩ። ስለ መንግሥት ጸለዩ። ስለ ታመሙት፣ ስለ ተሰደዱት ጸለዩ። እኔ ዓይኔን ገልጬ የሂዊን ጫማ አያለሁ፤ ለካምፕ ቦት ጫማ አድርጋ ሄዳ የትምህርት ቤቱ ጫማ በሩ ሥር ቀርቷል። አንዱ ተገልብጧል። ማን ያቃናዋል እላለሁ። ጸሎቱ አያልቅም። ካላለቀ አልሰማም፣ አይለቅ እላለሁ። ቶሎ ይለቅ እላለሁ።

"አሜን" አሉ። ጋሽ ገብረጻድቃን እጄን ያዙ። "ማንተግቦሽ፣ እናትሽ ወደ ጌታ ሄደዋል" አሉኝ።

እኔም "ተመስገን" አልኩ። ጮክ ብዬ። ደግሜም አልኩ።

የቤተ ክርስቲያን ሰዎች እምነቴ ጸንቶ መስሏቸው "አሜን! ሃሌሉያ!" ብለው መለሱ። ብርኽቲ ብቻ ገባት። ነጠላዋን አፌ ላይ አደረገችና "ሂዊ ደህና ናት፣ ሂዊ ደህና ናት፣ ወይ እኛ ጅሎች" እያለች አለቀሰች። ለካ ቀኑን የመረጡት ሆን ብለው ነው። ኢሳያስ ቤት ይሁን፣ ልጅቷ ደግሞ ለቅሶ አይታ እንዳትደነግጥ ካምፕ በሄደችበት ይሁን ብለው። ለልጅቷ አስበው ነው። እኔን በልጄ ሊገድሉኝ እንደነበር ለአንዳቸውም አልታሰባቸውም። አልተቀየምኳቸውም። እኛ ወግ ስንጠብቅ እንዲህ ነን።

የወለደችኝ እናቴ ሞተች ሲሉኝ ተመስገን አልኩ እታለም። እማዬ ትሰማው ይሆን? ብትሰማ "እንኳን አልሽ" የምትለኝ ይመስለኛል። ከዚያ በኋላ ግን አለቀስኩላት። ከሰዓት በኋላ ነው የጀመረኝ፤ ሂዊ ከአውቶቡስ ወርዳ ጸጉሯ አሸዋ ሞልቶ "ማም፣ አንድም ቀን አላሳለኝም!" ስትለኝ።

በስልክ የነገርሻቸውን ጋሽ ገብረጻድቃን ነገሩኝ። የእማዬ ሳንባ እንደነበር፤ ሐኪሙ ፎቶውን አይቶ "ስንት ዓመት አጭሰዋል?" ብሎ እንደጠየቃት፤ እማዬም "እኔ አላጨስኩም ልጄ፣ እሱ ነው ያጨሰኝ" እንዳለችው። የማገዶው ጭስ፣ የመንገዱ ጭስ። አሁን ነው አትላኪያት ማለትሽ የገባኝ። ልጄን ከጭስ አውጥቼ እማዬን ወደገደለው ጭስ ልልካት ነበር፤ አንቺ ምክንያቱን ሳትነግሪኝ ልታስቀሪኝ ስትጥሪ ስድቤን ጠጣሽ። ይቅር በይኝ።

ቲኬቱን ሰርዣለሁ። ኢሳያስ ዌሪቢ የሚባል ሰፈር ያለ መጋዘን ማመልከቻ አስገብቷል፤ እስኪመልሱለት ቤት እያየን ነው። እዚያው ከአትክልት እርሻ ማዶ አንድ አየን፤ ከባሕሩ በኩል ነፋስ አለ። እዚያም አውራ ጎዳና አለ፣ የጭነት መኪና አለ፤ እንዳይመስልሽ። ጭስ የሌለበት አገር ፈልጌ አላገኘሁም። ነፋስ ያለበትን ነው የያዝኩት። ፍርሃቴ አልሄደም። ዛሬም ጎህ ሲቀድ ተንበርክኬ አዳመጥኳት፤ ዛሬም መሐል ላይ ቆመብኝ፤ ዛሬም ተመለሰ።

የእማዬ ቃል የነበረበት ቦታ ባዶ ሆኖ እንዳይሄድ ሂዊ ልጻፍበት አለች። ቅዳሜ ቅዳሜ ቤተ ክርስቲያን ፊደል ያስተምሯቸዋል። ምን እንደጻፈች እንዳላይ አስምላኛለች፤ ጨርሳ ራሷ ታሽገዋለች። ስሕተት ቢኖረው አትሳቂባት።

እህትሽ ማንተግቦሽ

አክስቴ አምለሰት ሰላም ነሽ። እኔ ሂዊ ነኝ። ስለ እማማ አዝናለሁ። አንድ ነገር ለማም ንገሪያት እኔ ብነግራት ታፍራለች። ጠዋት ጠዋት መጥታ ደረቴ ላይ ጆሮዋን ታደርጋለች። የተኛሁ ይመስላታል። አልተኛሁም። ጸጉሯ አንገቴን ይኮረኩረኛል። እንዳልስቅ ትንፋሼን እይዛለሁ። ዝም ስል ሞቼ አይደለም በያት። ልስቅ ስል ነው።